ሹራቡን ቆረጥኩት፤ ለምን አልተተረተረም?

ባለፈው ቅዳሜ አምስት ወር የደከምኩበትን የሱፍ ሹራብ ጠረጴዛ ላይ ዘርግቼ ከታች እስከ አንገቱ በመቀስ ቆረጥኩት። ዛሬ ቁልፎቹን ተክዬ፣ ያንኑ ሹራብ ለብሼ ነው የምጽፍላችሁ። ስቆርጥ የቀረጽኩትን ቪዲዮ የላክሁላቸው ጓደኞቼ ሁሉ የጠየቁኝ አንድ ነገር ነው፦ «እንዴት ሳይተረተር ቀረ?» መልሱ በአንድ መስመር ስለማያልቅ እዚህ በዝርዝር ልጻፈው።

ድንጋጤያቸው ይገባኛል። ያደግኩት ደብረ ብርሃን ነው። እዚያ ብርዱ አጥንት ድረስ ይዘልቃል፤ የሁላችንንም ሹራብ በእጇ የምትሠራው እማዬ ነበረች። ከልብሳችን ላይ ብቅ ወዳለች ክር እጃችንን ስንሰድ ካየች «ክር አትምዘዙ፣ መዘዙ ብዙ ነው» ትለናለች። የጠበበንን ሹራብ ስትፈታ ደግሞ አጠገቧ ተቀምጬ ክሩን የምጠቀልለው እኔ ነበርኩ። አንገቱ ጋ ያለውን ቋጠሮ ፈልጋ ትበጥስና መሳብ ትጀምራለች። ረድፉ እየተከታተለ ይፈታል፤ ቡና ተወቅጦ እስኪፈላ ድረስ ልብስ የነበረው ነገር እጄ ላይ ድቡልቡል ክር ይሆናል። ይህን እያየ ያደገ ሰው ሹራብና መቀስ አንድ ላይ ሲያይ ቢደነግጥ አይፈረድበትም።

አሁን የምኖረው ኖርዌይ፣ በርገን ነው። ዝናብ በማያባራበት በዚህ ከተማ የሱፍ ሹራብ የዘወትር ልብስ ነው። ጥበቡን ያሳዩኝ ከእኛ በታች የሚኖሩ አዛውንት ጎረቤቴ ናቸው። አንድ ቀን ሻይ እየጠጣን፣ ሠርተው የጨረሱትን የእጅጌ ማስገቢያ እንኳ የሌለው ቱቦ የመሰለ ሹራብ አወጡ። በስፌት ማሽን ቁልቁል ጥቂት መስመር ሰፉበትና ወሬያቸውን ሳያቋርጡ በመቀስ ከፈሉት። እኔ ትንፋሼን ይዤ ነበር፤ እሳቸው ግን ጎመን እንደሚከትፍ ሰው ተረጋግተዋል። ያ እርጋታ ከየት እንደመጣ ለመረዳት ሁለት ክረምት ፈጀብኝ።

*ከየት መጣ?*

አሠራሩ ስቲክ ይባላል። ቃሉ የስኮትስ ሲሆን ስፌት ማለትም ነው፣ መዝጋት ማለትም ነው። የሚታወቀውም በሰሜን አትላንቲክ ዙሪያ ባሉ ብርዳማ አገሮች ነው። ከስኮትላንድ በስተሰሜን ያሉት የሼትላንድ ደሴቶች፣ በተለይም ፌር አይል የምትባለው ትንሽ ደሴት፣ ባለብዙ ቀለም ጥለት ባለው ሹራብ ስም አላቸው። በኖርዌይ ሴቴስዳል ሸለቆ ሉሴኮፍታ የሚባል ጥቁርና ነጭ ሹራብ አለ። ስሙ «የቅማል ጃኬት» እንደ ማለት ነው፤ ይህን ስም ያሰጡት ጥቁሩ ላይ የተበተኑት ነጫጭ ነጠብጣቦች ናቸው። በአይስላንድ ደግሞ በ20ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ የተስፋፋው፣ ጥለቱ ትከሻን እንደ አንገት ጌጥ የሚዞረው ሎፓፔይሳ አለ።

እነዚህ ሹራቦች በአንድ ረድፍ ውስጥ ሁለት ቀለም ክር አብሮ ይሄድባቸዋል፤ አንዱ ፊት ላይ ሲታይ ሌላው ከኋላ ይሻገራል። ሹራቡ ጠፍጣፋ ሆኖ ወዲያና ወዲህ እየተመላለሰ ከተሠራ፣ በየሁለተኛው ረድፍ ጥለቱን ከጀርባው ሳታዩት ልትሠሩት ነው። ዙሪያውን ሲሠራ ግን ፊቱ ሁልጊዜ ወደ እናንተ ነው፤ ስህተት ወዲያው ይታያል፣ እጅም ይፈጥናል። ለሼትላንድ ሴቶች ፍጥነት እንጀራ ነበር። በ19ኛው ክፍለ ዘመን ብዙዎቹ ለነጋዴ በሰጡት ሹራብ ፋንታ የሚቀበሉት ገንዘብ ሳይሆን ሸቀጥ ነበር። ይህ አሠራር ቅሬታ አስነስቶ እ.ኤ.አ. በ1872 የመንግሥት የምርመራ ሪፖርት ወጥቶበታል። በ1922 ደግሞ የዌልስ ልዑል፣ ኋላ ንጉሥ ኤድዋርድ 8ኛ የተባሉት፣ በሴንት አንድሩስ የጎልፍ ሜዳ የፌር አይል ሹራብ ለብሰው ታዩ፤ ጥለቱም ፋሽን ሆነ።

ዙሪያውን መሥራት አንድ ችግር አለው፦ የሚወጣው ቱቦ ነው። ሰው ደግሞ እጅ አለው፣ አንገት አለው፣ ከፊት የሚከፈት ልብስም ይፈልጋል። ስለዚህ መክፈቻው በሚሆንበት ቦታ ላይ ጥቂት ትርፍ ቀለበቶች ተጨምረው ቱቦው ሳይቋረጥ ይሠራል። ሥራው ሲያልቅ በእነዚያ ትርፍ ቀለበቶች መሃል ይቆረጣል። ስቲክ የሚባለው ይህ ትርፍ ነው።

*ክሩ ወዴት ይሄዳል?*

አሁን ወደ ጥያቄያችሁ። የሹራብ ክር የሚጓዘው ወደ ጎን ነው። እያንዳንዱ ቀለበት ከበታቹ ባለው ቀለበት ውስጥ አልፎ ይወጣል፤ እሱን ደግሞ በላዩ ያለው ይይዘዋል። የላይኛው ረድፍ የሚይዘው ካጣ ክሩን ስትስቡ ቀለበቱ ከበታቹ ካለው ሾልኮ ይወጣል፤ ቀጥሎ ያለውም እንዲሁ። ረድፉ ሲያልቅ ያው ክር ወደሚቀጥለው ረድፍ ይወርዳል። ከላይ እስከ ታች አንድ ክር ስለሆነ መሳቡ ማቆሚያ የለውም። እማዬ ከአንገት በኩል የምትጀምረው ለዚህ ነበር።

ቁልቁል ስትቆርጡ ግን መቀሱ እያንዳንዱን ረድፍ ለብቻው ይበጥሰዋል። ያ አንድ ረጅም ክር ብዙ አጫጭር ክር ይሆናል። አንዱን ጫፍ ይዛችሁ ብትጎትቱ የሚመጣው የዚያ ረድፍ ክር ብቻ ነው፤ እሱም ቢሆን ለመውጣት በየቀለበቱ እየተጠማዘዘ ማለፍ አለበት። የታችኛውና የላይኛው ረድፍ ደግሞ ይዘውታል። ካልጎተቱት በራሱ አይሮጥም።

ሁለተኛው ምክንያት ሱፉ ነው። የበግ ፀጉር በማይክሮስኮፕ ሲታይ እንደ ዓሣ ቅርፊት የተደራረበ ሽፋን አለው። ሙቀት፣ እርጥበትና እሽታ ሲያገኙት ቅርፊቶቹ እርስ በርስ ይያያዛሉ። የመንዝ ባና የደረበ ሰው ይህን በገላው ያውቀዋል፤ ሱፍ በለበሱት ቁጥር ይጠቀጠቃል እንጂ አይላላም። የሼትላንድና የአይስላንድ ሱፍ በዚህ ጠባዩ የታወቀ ነው። አንዳንድ የሼትላንድ ባለሙያዎች ምንም ሳይሰፉ የሚቆርጡት ክራቸውን ስለሚያውቁት ነው።

*እኔ እንዴት ሠራሁት?*

1. ገና ስጀምር አሰብኩበት። ሹራቤ ዙሪያው 288 ቀለበት ነው፤ በ10 ሳንቲሜትር 30 ቀለበት ስለሚገባ 96 ሳንቲሜትር ይሆናል። ከፊት መሃል ላይ 5 ቀለበት ጨመርኩ። እነዚህ 5ቱ ከጥለቱ አይቆጠሩም፤ ግራና ቀኛቸው ላይ ምልክት አሰርኩ። ቀለም የምቀይረውም እዚያው መሃል ላይ ነበር፤ የክሩ ጫፎች ኋላ ከሚቆረጠው ጋር ይሄዳሉ።

2. አምስቱን ቀለበቶች ቁልቁል በሚወርዱ ሁለት ቀለማት አፈራርቄ ሠራኋቸው። መቁረጫው ዓምድ ከሩቅ ይለያል፤ በመቀስ ስትከተሉት ዓይን አይምታታም።

3. ሳልቆርጥ አጠብኩት። ለብ ባለ ውሃ ነክሬ፣ በፎጣ ጠቅልዬ ጨምቄ፣ በልኩ ዘርግቼ አደረቅኩት። ቀለበቶቹ ቦታቸውን የሚይዙት ያኔ ነው።

4. በኪሮሽ አጠናከርኩት። እያንዳንዱ ቀለበት ሁለት እግር አለው። የመሃለኛውን ዓምድ አንድ እግር ከግራ ጎረቤቱ እግር ጋር አብሬ በኪሮሽ ከታች እስከ ላይ ያዝኩ። ሌላኛውን እግሩን ደግሞ ከቀኝ ጎረቤቱ ጋር አጣምሬ ከላይ ወደ ታች ወረድኩ። በሁለቱ የኪሮሽ መስመሮች መካከል እንደ መሰላል መወጣጫ የተደረደሩ ክሮች ብቻ ይታያሉ።

5. ሹራቡ ውስጥ ካርቶን አስገባሁ፤ መቀሱ የጀርባውን እንዳይነካ። ትንሽ፣ ጫፉ ስል የሆነ መቀስ ይዤ በቀን ብርሃን እነዚያን መወጣጫዎች ሁለት ሁለት፣ ሦስት ሦስት እያደረግኩ ቆረጥኩ። የኪሮሹን ክር እንዳትነኩ ተጠንቀቁ፤ ጥንቃቄው ይህ ብቻ ነው።

6. በተቆረጠው ጠርዝና በጥለቱ መካከል ካለው መስመር ላይ አዲስ ቀለበት እያነሳሁ የቁልፉን ጠርዝ ሠራሁ። የተረፈው ጠርዝ አንድ ሳንቲሜትር እንኳ አይሞላም፤ በራሱ ወደ ውስጥ ይታጠፋል። እሱን በመርፌ ለቀም ለቀም አድርጌ ሰፋሁት።

ይህን የመጨረሻውን ሥራ ስሠራ ነጠላ ነበር ትዝ ያለኝ። ነጠላም ከሸማኔው ሲመጣ ጫፉ የተቆረጠ ነው። ዘርፉ እስኪቋጭ ድረስ ሥራው አላለቀም፤ ነገር ሁሉ ሲያበቃ «ተቋጨ» የምንለውም ከዚያው ነው። ሹራብም መቆረጡ መጨረሻው አይደለም፤ ጠርዙ ሲቋጭ ነው ልብስ የሚሆነው።

*አደራ የምላችሁ*

ሱፍ ሁሉ አንድ አይደለም። «በማሽን ይታጠባል» የሚል ጽሑፍ ያለበት ሱፍ፣ ቅርፊቱ በክሎሪን ተነስቶለት ወይም በስስ ሽፋን ተሸፍኖ ነው የመጣው። ክሩ ስለሚያንሸራትት ኪሮሽ ብቻውን አይበቃውም። ጥጥና አክሪሊክም እንዲሁ ናቸው። አገር ቤት ያላችሁ፣ ገበያ ላይ የምታገኙት አክሪሊክ ብቻ ከሆነ፣ ስቲኩን ከ5 ወደ 8 ወይም 10 ቀለበት አስፉት። ከዚያ ለልብስ ሰፊ ሰጥታችሁ በግራም በቀኝም ሁለት ሁለት መስመር ጠበቅ ባለ ስፌት ያስሰፉት። መቀስ የሚነካው ከዚያ በኋላ ነው። ትርፍ ቀለበት ሳይተውለት የተሠራን ሹራብ ደግሞ አትቁረጡ፤ ወደ ውስጥ የሚታጠፍ ጠርዝ ስለሌለው ጥለቱን ይበላባችኋል።

የጎረቤቴ እርጋታ ከየት እንደመጣ የገባኝ እዚህ ላይ ነው። መቀስ ሲያነሱ ድፍረት አላስፈለጋቸውም። የሚቆረጠውን ቦታ ከወራት በፊት፣ የመጀመሪያውን ረድፍ ሲጀምሩ ትተውለታል፤ ክሩ የት እንደሚሄድም ያውቃሉ። እኔ ድፍረት የመሰለኝ ለካ ዝግጅት ነበር።

ቅዳሜ ማታ ለእማዬ በቪዲዮ ደወልኩላት። ትደነግጣለች ብዬ ቀስ እያልኩ ነበር የማወራው። የተቆረጠውን ጠርዝ ወደ ስልኩ አስጠግቼ አሳየኋት። መነጽሯን አድርጋ ዝም ብላ አየችውና «ታዲያ ክሩ አጭር አጭር ሆኖ የለም እንዴ? ወዴት ይሄዳል?» አለችኝ። ቀጥላም «ሳልባጅ ተራ ስንሄድ ሹራብ ገልብጬ ጎኑን የማየው ለምን ይመስልሽ ነበር?» ስትል ጠየቀችኝ።

ያን ጊዜ ትዝ አለኝ። ክሩን ፈትታ ለመሥራት የምትገዛውን ሹራብ ሁሉ መጀመሪያ ወደ ውስጥ ትገለብጠው ነበር። ጎኑ ተቆርጦ በማሽን የተሰፋ ከሆነ ትመልሰዋለች፤ ሲፈታ የሚወጣው ክር በየረድፉ እየተበጠሰ ስለሆነ ለምንም አይሆናትም። እኔን ሁለት ክረምት የፈጀብኝን ነገር እሷ በየገበያው በጣቷ ስትዳስሰው ኖራለች፤ እኔም ቅርጫቱን ይዤ አጠገቧ ቆሜ ነበር።

ልትሞክሩት ከፈለጋችሁ በሹራብ አትጀምሩ። የመዳፍ ስፋት ያላት ቁራጭ ሥሩ፣ መሃሏን አጠናክሩ፣ ቁረጡ፣ ከዚያ ጠርዟን በጣታችሁ ጎተት አድርጉ። ለእውነተኛው ሹራብ ስትደርሱ ደግሞ ከመቁረጣችሁ በፊት የኪሮሹን ወይም የስፌቱን መስመር ፎቶ አንስታችሁ ላኩልኝ፤ አይቼ እመልስላችኋለሁ።