የጣና ወይጦና የደንገል ታንኳ

ከቡሬና ከፍኖተ ሰላም በላይ ባለው በሰከላ ምድር፣ ከግሽ ዓባይ የሚመነጨው ግልገል ዓባይ የምዕራብ ጎጃምን እርሻ እያቋረጠ ወርዶ ጣና ሐይቅ ሲገባ፣ ሞፈርና ቀንበር ከሚያውቀው ሕዝብ አገር ወጥቶ፣ ኑሮውን ከጥንት ጀምሮ በውሃ ላይ ካቆመው ከነገደ ወይጦ መንደር ይደርሳል።

ወይጦዎች በቀድሞ ዘመን ጉማሬ አዳኞች፣ ዓሣ አጥማጆችና የወፍጮ ድንጋይ ጠራቢዎች ነበሩ፤ የራሳቸው የሆነ ልሳን እንደ ነበራቸው ቢነገርም፣ ዛሬ አፋቸውን የሚፈቱት በአማርኛ ነው። ሃይማኖታቸው እስልምና ሲሆን፣ የጉማሬ ሥጋ በልተዋል በሚል ክርስቲያኑም እስላሙም ጎረቤት ከማዕዱና ከጋብቻው ሲያርቃቸው ኖሯል። ሰውን እንዲህ የተጸየፈ አገር እነርሱ ያሰሩትን የደንገል ታንኳ ግን አልተጸየፈም፤ የዳጋ እስጢፋኖስና የክብራን ገብርኤል መነኮሳት ለብዙ ዘመን ውሃውን የተሻገሩት በደንገል ላይ ተቀምጠው ነው።

የዚህ ጥበበ እድ ምሥጢር፣ ታንኳው ውሃን በመከልከል ሳይሆን በደንገሉ ውስጥ ባለው አየር በመንሳፈፉ ላይ ነው። ከሐይቁ ዳር የታጨደው ደንገል በፀሐይ ከደረቀ በኋላ በነዶ በነዶ ተጠፍሮ፣ አፍንጫው ወደ ላይ ቀና እንዲል ሆኖ ይታሰራል፤ ምስማር የለውም፣ ሳንቃም አይፈልግም። ውሃ ስለሚጠጣ ከሥራ መልስ ከዳር ተጎትቶ መድረቅ አለበት፤ እንዲያም ሆኖ በጥቂት ወራት ውስጥ በስብሶ ሌላ ይታሰራል። የጥንት ግብፃውያን በመቃብሮቻቸው ግድግዳ ላይ የሣሉት የደንገል ጀልባ የዚህ ዘመድ ይመስላል።

እ.ኤ.አ. በ1986 በሞተር የሚሄድ ጀልባና የናይለን መረብ ወደ ጣና ሲገቡ፣ ታንኳ በፍጥነት ተሸነፈ የሚሉ አሉ፤ እኔ ግን ታንኳን የጎዳው ከፍጥነቱ ማነስ ይልቅ የዳርቻው መጥበብ ነው እላለሁ። ደንገል የሚበቅልበት ረግረግ ለእርሻና ለግጦሽ ዋለ፤ እ.ኤ.አ. ከ1996 ወዲህ የጨረጨራ ግድብ የሐይቁን ከፍታ በራሱ ሥርዓት ያወጣና ያወርድ ጀመር፤ እ.ኤ.አ. በ2011 ደግሞ እምቦጭ የተባለው አረም ታየ። በክረምት እንቁላላቸውን ለመጣል ወደ ግልገል ዓባይና ወደ ሌሎቹ ወንዞች የሚወጡትን ዓሦች በየወንዙ አፍ የተዘረጋ መረብ ይጠብቃቸዋል፤ የሚጠመደውም ዓሣ እየሳሳ ሄደ። ደንገል የሌለው ሰው ታንኳ አያስርም፤ ዓሣ ያጣ አጥማጅ ደግሞ ልጁን ሙያውን ለማስተማር ምክንያት የለውም።

ታንኳ ፈጽሞ አልጠፋም፤ የዘጌን ማገዶ ወደ ባሕር ዳር ገበያ ሲያደርስ የታየበት ዘመን ሩቅ አይደለም። ከሁሉ የሚገርመው ግን፣ በባሕር ዳር ለእንግዳ የሚሸጠው ክንድ የማያህል ታንኳ ነው፤ ዓሣ አያጠምድም፣ ሰውም አያሻግርም፣ ነገር ግን አስተሳሰሩ የዋናው ነው።