በሹመት የሚወረስ አልጋ፦ የመካከለኛው ዘመን እስማኢላዊያን ገዢዎችና ተተኪዎቻቸው

እስማኢላዊያን ከሺዓ እስልምና ቅርንጫፎች አንዱ ናቸው። ከ10ኛው እስከ 13ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ባለው ጊዜ ሁለት ታላላቅ መንግሥታት አቁመዋል። አንደኛው ከሰሜን አፍሪካ ተነሥቶ ካይሮን የቆረቆረው የፋጢማዊያን ኸሊፋነት ነው፤ ሁለተኛው በፋርስና በሶርያ ተራሮች ላይ ምሽግ ይዞ የኖረው የኒዛሪዎች ግዛት ነው። የፋጢማዊያኑ ኸሊፋ የጦርና የግብር አለቃ ብቻ አልነበረም። ከነቢዩ ሙሐመድ ልጅ ከፋጢማና ከባሏ ከዐሊ የሚወለድ፣ የሃይማኖቱን ውስጣዊ ትርጉም የሚያውቅና የሚያስተምር ኢማም ተደርጎ ይታመንበት ነበር። ስለዚህ አንድ ገዢ ሲሞት ማን ይንገሥ የሚለው ጥያቄ እውነተኛው የእምነት መሪ ማን ነው ከሚለው ተለይቶ አይታይም ነበር። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው።)

ሺዓዎች ነቢዩ ሙሐመድ ገዲር ኹም በተባለ ስፍራ የአጎታቸውን ልጅ ዐሊን በሕዝብ ፊት ተተኪያቸው አድርገው እንደሾሙ ያምናሉ። በዚህ እምነት ኢማምነት በምርጫም በጉልበትም አይገኝም፤ የቀደመው ኢማም በሕይወት ሳለ ተተኪውን ለይቶ ይሾማል እንጂ። ይህ ሹመት በዐረብኛ «ነስ» ይባላል። የበኵር ልጅ መሆን ግዴታ አይደለም፤ አንዴ የተሰጠ ነስ አይሻርም የሚለው አስተሳሰብ ግን ሥር የሰደደ ነበር። ሹመቱ በግልጽ ሲሰጥ ሥልጣን ያለ ብዙ ግጭት ይተላለፋል። በምስጢር ሲሰጥ፣ ወይም የተሾመው ቀድሞ ሲሞት ግን ማኅበረሰቡ ይከፈላል። የእስማኢላዊያን ዋና ዋና ክፍፍሎች የመጡት ከዚሁ ነው።

ከመዲና እስከ ካይሮ

የስማቸው መነሻ ራሱ የውርስ ክርክር ነው። ስድስተኛው ኢማም ጀዕፈር አል-ሳዲቅ በ765 መዲና ውስጥ ሲያርፉ፣ ቀደም ብለው ሾመውት ነበር የሚባለው ልጃቸው እስማኢል አልነበረም፤ አብዛኞቹ ምንጮች ከአባቱ በፊት እንደ ሞተ ይናገራሉ። ከተከታዮቹ የሚበዙት ሌላውን ልጅ ሙሳ አል-ካዚምን ያዙ፤ ዛሬ በኢራንና በኢራቅ የሚበዙት የዐሥራ ሁለቱ ኢማሞች ተከታዮች ከዚያ ወገን ይመጣሉ። ሌሎቹ ግን ነስ ወደ ኋላ አይመለስም ብለው የእስማኢልን ልጅ ሙሐመድን ተከተሉ።

ከዚያ በኋላ መሪዎቹ ከመቶ ዓመት በላይ ተሰውረው ኖሩ። ከሶርያዋ ከተማ ከሰለሚያ ሆነው «ዳዒ» የሚባሉ ሰባኪዎችን በየአገሩ ይልኩ ነበር። በ899 የሰለሚያው መሪ ዐብዱላህ ኢማሙ ራሱ እንደ ሆነ ሲገልጽ፣ የሙሐመድ ቢን እስማኢልን መመለስ ይጠባበቁ የነበሩት ቀርመጢዎች ተለዩት። ሌላው ወገን ግን ከእርሱ ጋር ጸና። አቡ ዐብዱላህ የተባለው ዳዒ የኩታማ በርበሮችን አስከትሎ የዛሬዋን ቱኒዚያ ይገዙ የነበሩትን አግለቢዎች በ909 ድል አደረገ፤ ዐብዱላህም አል-መህዲ ተብሎ የመጀመሪያው የፋጢማዊያን ኸሊፋ ሆነ።

የመጀመሪያዎቹ ኸሊፋዎች ሥልጣንን ከአባት ወደ ልጅ በጥንቃቄ አስተላልፈዋል። አል-መህዲን የተካው ልጁ አል-ቃኢም በ946 ሲሞት አቡ ያዚድ ያስነሣው ታላቅ ዐመፅ ገና አልተገታም ነበር። ወራሹ አል-መንሱር ጠላት እንዳይደፋፈር የአባቱን ሞት ደብቆ ጦሩን መራ፤ ከድሉ በኋላ ብቻ በኸሊፋ ስም ተገለጠ። የእርሱ ልጅ አል-ሙዒዝ በ969 የጦር አዛዡን ጀውሐርን ልኮ ግብጽን ያዘ፤ ካይሮ ተቆረቆረች፣ የአል-አዝሃር መስጊድ ተሠራ፣ ኸሊፋውም በ973 መናገሻውን ወደዚያ አዛወረ። አል-ሙዒዝ የበኵር ልጁን ተሚምን አልፎ ሌላ ልጁን ዐብዱላህን ሾሞ ነበር፤ ዐብዱላህ ከአባቱ ቀድሞ ስለ ሞተ አልጋው በ975 ለሌላው ልጅ ለአል-ዐዚዝ ደረሰ።

ከአል-ዐዚዝ በኋላ አልጋው ብዙ ጊዜ ለልጆች ወደቀ። አል-ሐኪም በ996 ሲነግሥ ዕድሜው 11 ነበር። በ1013 ልጁን ትቶ የሩቅ ዘመዱን ዐብድ አል-ረሒምን አልጋ ወራሽ አደረገ፤ ይህም ከአባት ወደ ልጅ የሚሄደውን ልማድ የሚጥስ ነበር። በየካቲት 1021 ግን በካይሮ አጠገብ ወዳሉት የሙቀጠም ኮረብታዎች በሌሊት እንደ ወጣ አልተመለሰም። እኅቱ ሲት አል-ሙልክ አልጋ ወራሹን አሳስራ የ16 ዓመቱን የወንድሟን ልጅ አል-ዛሂርን አነገሠች፤ እስክትሞትም ድረስ መንግሥቱን መራች። አል-ሐኪም አልሞተም፣ ተሰውሯል ያሉት ደግሞ ዛሬ በሊባኖስ፣ በሶርያና በእስራኤል የሚኖሩት ድሩዞች ቀደምት ናቸው።

የ1094 ታላቅ ክፍፍል

አል-ዛሂርን የተካው አል-ሙስተንሲር በ7 ዓመቱ ነግሦ ከ1036 እስከ 1094 ገዛ። በዘመኑ አጋማሽ ረኀብና የወታደሮች ሽኩቻ ግብጽን አደቀቃት። ኸሊፋው ሥርዓት ያስይዝለት ዘንድ አርመናዊውን የጦር መሪ በድር አል-ጀማሊን ከአካ ከተማ ጠራው። በድር በ1074 ካይሮ ገብቶ ሰላም አወረደ፤ ይሁን እንጂ ከዚያ ወዲህ እውነተኛው ሥልጣን ወዚር (ዋና ሚኒስትር) በሆነው በበድርና በጦሩ እጅ ሆነ። በ1094 በድር ሞቶ ልጁ አል-አፍደል ተተካ፤ በዚያው ዓመት መጨረሻ ኸሊፋውም ሞተ።

ብዙዎች ወራሽ ብለው የሚያውቁት ዕድሜው ወደ 50 የተጠጋውን ትልቁን ልጅ ኒዛርን ነበር። አል-አፍደል ግን በእርሱ ድጋፍ ብቻ ሊቆም የሚችለውን፣ እኅቱን ያገባውን የ20 ዓመት ወጣት አል-ሙስተዕሊን አነገሠ፤ ኸሊፋው በሞቱ አልጋ ላይ ለታናሹ ነስ ሰጥቷል የሚል ምስክርነትም ቀረበ። ኒዛር ወደ እስክንድርያ ሸሽቶ ኢማምነቱን ዐወጀ። በ1095 ተሸንፎ ተያዘ፣ ካይሮም ውስጥ ተገደለ። በፋርስ ያሉት እስማኢላዊያን ግን ለኒዛር የተሰጠው ነስ አይሻርም ብለው ከካይሮ ተለዩ። ቁስሉ ለረጅም ጊዜ አልዳነም፤ በ1122 እንኳ በካይሮ ቤተ መንግሥት ጉባኤ ተጠርቶ የኒዛርን መብት የሚያስተባብል ደብዳቤ ተዘጋጅቷል።

አል-ሙስተዕሊን የተከተለው ወገንም ብዙ ሳይቆይ ተከፈለ። ልጁ አል-አሚር በ1130 በኒዛሪዎች ተገደለ። ከጥቂት ወራት በፊት አል-ጠይብ የተባለ ወንድ ልጅ እንደ ተወለደለት ለየመኗ ንግሥት ለአርዋ በደብዳቤ ተነግሯት ነበር። ካይሮ ላይ ግን የሟቹ የአጎት ልጅ መጀመሪያ እንደራሴ፣ ከዚያም በ1132 አል-ሐፊዝ ተብሎ ኸሊፋ ሆነ። ነቢዩም ዐሊን የሾሙት ልጅ ሳይሆን የአጎት ልጅ ሳለ ነው የሚል ማስረጃ አቀረበ። አርዋ አልተቀበለችም፤ ሕፃኑ ኢማም ተሰውሯል፣ እስኪገለጥ ድረስ ማኅበረሰቡን ሙሉ ሥልጣን ያለው ዳዒ ይመራል የሚለውን ሥርዓት አቆመች። የካይሮው መንግሥት ከዚያ በኋላ በወዚሮች ፉክክርና በሕፃናት ኸሊፋዎች ደክሞ፣ በ1171 በሰላሐዲን እጅ አበቃ።

የአለሙት ጌቶች

በሰሜን ፋርስ ተራሮች ላይ ያለውን የአለሙት ምሽግ ሐሰን ሰባህ በ1090 ያዘ። ከ1094 በኋላ ለኒዛር ወገን የቆመው እርሱ ነው። ኢማም ነኝ አላለም፤ የተሰወረው ኢማም ዋና ወኪል ሆኖ ገዛ። ሁለት ወንዶች ልጆቹን በተለያየ ክስ አስገድሎ ስለ ነበር፣ በ1124 ሲሞት የላማሳር ምሽግ አዛዥ የነበረውን ቡዙርግ ኡሚድን ተተኪው አደረገ። ከዚያ ሥልጣኑ ከአባት ወደ ልጅ መሄድ ጀመረ። የቡዙርግ ኡሚድ የልጅ ልጅ ሐሰን በ1164 ነሐሴ ላይ የመንፈሳዊ ትንሣኤ ዘመን መጥቷል ብሎ ዐወጀ፤ በ1166 የሚስቱ ወንድም ወግቶ ገደለው። ልጁ ሙሐመድ እርሱም አባቱም የኒዛር ዘሮች እንደ ሆኑ አስተማረ፤ በዚህም የአለሙት ጌቶች ወኪል ከመሆን አልፈው ራሳቸው ኢማሞች ሆኑ።

ነስ አይሻርም የሚለው ሕግ እዚህም ኃይሉን አሳይቷል። ሙሐመድ ገና በልጅነቱ የሾመው ጀላል አል-ዲን ሐሰን በእምነት ጉዳይ ከአባቱ ቢቃረንም ውርሱ አልተነሣበትም። በ1210 ሥልጣን ይዞ ከባግዳዱ የሱኒ ኸሊፋ ጋር ታረቀ። የልጅ ልጁን ሩክን አል-ዲን ኹርሻህንም አባቱ ሽሮ ሌላ ሊሾም ሲፈልግ፣ ተከታዮቹ የመጀመሪያው ሹመት ይጸናል ብለው እንዳልተቀበሉት የሞንጎሎቹ ታሪክ ጸሐፊ ጁወይኒ ዘግቧል። ኹርሻህ በ1255 አባቱ በሰው እጅ ሲገደል ተተካ፤ በሚቀጥለው ዓመት ለሞንጎሉ መሪ ለሁላጉ ጦር እጁን ሰጠ፣ በ1257ም ሞንጎሎች ገደሉት።

ምሽጎቹ ቢፈርሱም የውርስ መስመሩ አልጠፋም። የኒዛሪዎች ኢማሞች በፋርስ ተሰውረው ቆይተው በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን አጋ ካን በሚል ማዕረግ ወደ ሕንድ ተሻገሩ። በ1957 ሦስተኛው አጋ ካን ልጃቸውን አልፈው የልጅ ልጃቸውን ከሪምን በኑዛዜ ሾሙ፤ በየካቲት 2025 ከሪም ሲያርፉም በኑዛዜያቸው የተሾሙት ልጃቸው ረሒም 50ኛው ኢማም ሆነዋል። የአል-ጠይብን መሰወር የሚያምኑት ደግሞ፣ በተለይ የሕንድ ቦህራዎች፣ እስከ ዛሬ በዳዒ ይመራሉ። ዳዒውም ተተኪውን የሚሾመው በነስ ነው።