ማየ አይኅና የድንጊያ ምስክርነት

ኦሪት ዘፍጥረት በኖኅ ዘመን ስለ ወረደው ማየ አይኅ የሚተርከውን ቃል ከምድር አፈጣጠር ምርምር ጋር ማስተያየት የቆየ ልማድ ነው፤ ከባሕር ርቆ በቆመ ተራራ ላይ የባሕር ዛጎል ከድንጊያ ጋር ተዋሕዶ ሲገኝ፣ የቀደሙት የቤተ ክርስቲያን ጸሐፍት ሳይቀሩ ውኃው ያንን ተራራ ሸፍኖት እንደ ነበረ ምስክር አድርገው ይቈጥሩት ነበርና። ይህ አሳብ ለብዙ መቶ ዓመታት ጸንቶ ሲኖር፣ በ1500 ዓመተ ምሕረት ገደማ (ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር እጽፋለሁ) ሊዮናርዶ ዳ ቪንቺ፣ በቀን ጥቂት ክንድ ብቻ የሚሳብ ባለዛጎል ፍጥረት ከአድርያቲክ ባሕር እስከ ሞንፌራቶ ያለውን ረጅም መንገድ በ40 ቀን ሊጨርስ እንደማይችል በማስታወሻው ጻፈ። በ1669 ደግሞ የዴንማርኩ ተወላጅ ኒኮላስ ስቴኖ በቶስካና ያሉትን ድንጊያዎች መርምሮ፣ ንብርብር በንብርብር ላይ ሲያርፍ የታችኛው ከላይኛው የቀደመ መሆኑን አስረዳ፤ ኋላ ኤጲስ ቆጶስ የሆነው ይህ ሰው ከቶስካና ንብርብሮች አንዱን ለጥፋት ውኃ ሰጥቶ ስለ ነበር፣ ሁለቱ ዕውቀቶች በእርሱ ዘንድ ገና አልተጣሉም።

ጥድፊያ ሊቅን እንዴት እንደሚያስት ለማየት የዙሪኩን ሐኪም የሾይክሰርን ታሪክ ማንበብ ይበቃል። ይህ ሰው በ1726 ከኤኒንገን የድንጊያ ማውጫ የተገኘ አንድ ዐፅም በማየ አይኅ የጠፋ ኃጥእ ሰው ቅሪት ነው ብሎ መጽሐፍ ሲያሳትም፣ የፈረንሳዩ ሊቅ ኩቪዬ ግን በ1811 በሐርለም ከተማ ድንጊያውን በጥንቃቄ ፈልፍሎ የተሰወሩትን የፊት እግሮች በገለጠ ጊዜ፣ ኃጥእ የተባለው በውኃና በየብስ የሚኖር፣ እንሽላሊት የሚመስል፣ ሳላማንደር የሚባል ትልቅ እንስሳ ሆኖ ተገኘ።

ከዚህ ሁሉ ይልቅ ልብ የሚስበው የቄስ ዊልያም በክላንድ ነገር ነው። በኦክስፎርድ የሥነ ምድር መምህር የነበረው በክላንድ፣ በ1821 በዮርክሻየር ኪርክዴል በተባለ ዋሻ የጅብ፣ የዝሆን፣ የአውራሪስና የጉማሬ አጥንት ተከማችቶ መገኘቱን ሰምቶ ሄደ። አጥንቱን የጥፋት ውኃ ከሞቃት አገር ጠርጎ አመጣው ማለት በዘመኑ የሚጠበቅ መልስ ሳለ፣ እርሱ ለሕያው ጅብ አጥንት አስቈርጥሞ ፍርፋሪውን ከዋሻው አጥንት ጋር አስተያየና ዋሻው የጅቦች ጎሬ እንደ ነበረ ፈረደ። (ጅብ አጥንት ሲቈረጥም ሌሊቱን ሲሰማ ላደገ ያገራችን ሰው ይህ ፈተና ትርፍ ሥራ ሳይመስለው አይቀርም።) ሆኖም አጥንቱን የሸፈነውን ጭቃ ለማየ አይኅ አስቀርቶ፣ በ1823 ይህንኑ የሚደግፍ ትልቅ መጽሐፍ አወጣ።

ነገር ግን ብዙ ዘመን አላለፈም፤ በ1831 የካምብሪጁ ቄስ አዳም ሴጅዊክ፣ በየአገሩ የተበተነው ኰረትና ጠጠር ሁሉ የአንድ ዘመን ሥራ አለመሆኑን ስለ ተረዳ፣ ከለንደን የሥነ ምድር ማኅበር ፕሬዚዳንትነቱ ሲሰናበት ይህን ለማየ አይኅ የሰጠበትን የቀድሞ ቃሉን በጉባኤ ፊት ሻረ። በክላንድም በ1836 አሳቡን ለወጠ፤ በ1840 የስዊሱን ሉዊ አጋሲን ይዞ ስኮትላንድን በዞረ ጊዜ፣ የውኃ ሥራ ይባሉ የነበሩት ታላላቅ ቋጥኞች የበረድ ግግር ተሸክሞ ያመጣቸው መሆናቸውን ተቀበለ። እንግዲህ ዓለም አቀፉን የጥፋት ውኃ ከሥነ ምድር መዝገብ ያወጡት በመቅደስ የሚያገለግሉ ካህናት ሲሆኑ፣ ጠቡ የእምነትና የክህደት ጠብ ብቻ ነበር የሚለው ወሬ ለእኔ ከታሪኩ ጋር አይስማማም።

በ1961 ዊትኮምና ሞሪስ የተባሉ አሜሪካውያን የምድርን ንብርብር አብዛኛውን በአንድ ዓመት የጥፋት ውኃ ሊያስረዱ መጽሐፍ ባወጡ ጊዜ የቀድሞው ክርክር በአዲስ መልክ ተመለሰ። መጽሐፈ ኩፋሌን በግእዝ ምሉእ አድርጋ የጠበቀችው፣ ከፍጥረት እስከ ልደተ ክርስቶስ 5500 ዓመት የምትቈጥረው አገራችን ለዚህ ክርክር የራሷ የሆነ ምስክር አላት። ከጎሐ ጽዮን ወደ ደጀን የሚወርደው መንገደኛ በዓባይ ሸለቆ የአሸዋ ድንጊያ፣ በላዩ ጀሶ፣ በጀሶው ላይ የባሕር ዛጎል የያዘ የኖራ ድንጊያ፣ ከሁሉ በላይ ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ከእሳተ ገሞራ የፈሰሰ ጥቁር ድንጊያ ተደራርቦ ያያል፤ ጀሶ የሚወለደውም ጨዋማ ውኃ በፀሐይ ሲተንን ስለ ሆነ፣ ምድርን ሁሉ በሸፈነ ጥልቅ ውኃ መካከል ይህን ያህል ጀሶ ሊነጠፍ አይችልም።

በሌላ ወገን፣ ጆርጅ ስሚዝ በ1872 ከነነዌ የተገኘውን የሸክላ ጽላት አንብቦ የባቢሎናውያንን የጥፋት ውኃ ታሪክ ከገለጠ ወዲህ፣ ሊቃውንት ፊታቸውን ወደ መስጴጦምያ መለሱ። ሊዮናርድ ዉሊ በ1929 በዑር 3 ሜትር ያህል ንጹሕ የጎርፍ ደለል ቈፍሮ ሲያገኝ የኖኅ ውኃ ተገኘ ተብሎ ጋዜጣው ሁሉ አስተጋባ፤ ነገር ግን በአቅራቢያው ባለችው በኤሪዱ እንዲህ ያለ ደለል አልተገኘም፣ በሹሩፓክ የተገኘውም በ2900 ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ገደማ የደረሰ ሌላ ጎርፍ ነው። ራያንና ፒትማን የሚባሉ ሊቃውንት በ1997 የሜዲትራንያን ባሕር ከ7,600 ዓመት ገደማ በፊት በቦስፎር በኩል በድንገት ወደ ጥቁር ባሕር ገባ ብለው ያቀረቡት አሳብም ከባድ ተቃውሞ ደርሶበታል፤ የዳኑብን ደለል የመረመሩት ሌሎች፣ ውኃው ከፍ ያለው ጥቂት ሜትር ብቻ ነው ይላሉ።

የካህናቱ ትሕትና ግን ለተከታዮቻቸው በሙሉ አልተላለፈም። የሥነ ምድር ሊቁ ሃርለን ብሬትስ በ1923 በአሜሪካ ዋሺንግተን ክፍለ ሀገር ያለውን የተሸረሸረ ምድር አይቶ እጅግ ታላቅ ጎርፍ የቈረጠው ነው ባለ ጊዜ፣ የሙያ ጓደኞቹ ነገሩ የኖኅን ውኃ ስለ ሸተታቸው በ1927 በጉባኤ ተነሥተው ተቃወሙት። እውነቱ ግን ሚዙላ የሚባል፣ ከ2,000 ኪሎ ሜትር ኩብ በላይ ውኃ የነበረው ሐይቅ፣ የገደበው የበረድ ግግር በተሰበረ ቍጥር ብዙ ጊዜ ደጋግሞ ያንን አገር ያጥለቀልቅ ነበር፤ ለብሬትስም የአሜሪካ የሥነ ምድር ማኅበር የፔንሮዝን ሜዳይ የሸለመው በ1979፣ ዕድሜው 90 ካለፈ በኋላ ነው።