አሮስቶ፦ ወርች የሚከበርበት ድስት

ኮልፌ አጠና ተራ አካባቢ ወዳለ ሉካንዳ ገብታችሁ «አንድ ኪሎ ተኩል ወርች፣ ሳይቆረጥ» ብትሉ መልሱ ጥያቄ ነው። «ለጥብስ ነው እናቴ?» አይደለም። «ለቅቅል?» እሱም አይደለም። «ታዲያ ወርች ምን ያደርግልሻል? ይልቅ ከሽንጡ ላንሳልሽ!» ሥጋ ቆራጩ ይህን የሚለው አዝኖላችሁ ነው። በእኛ ከተማ ጥሩ ሥጋ የሚባለው በጥሬው የሚቆረጥ፣ ቢጠበስም እሳት ላይ ብዙ የማይቆይ ነው። አሮስቶ የሚፈልገው ግን ደንበኛው ሁሉ አልፎት የሚሄደውን ሥጋ ነው።

አሮስቶ ማለት አንድ ትልቅ ሙዳ ሥጋ ሳይከተፍ ላዩ በጋለ ዘይት ከተጠበሰ በኋላ ከሽንኩርት፣ ከካሮትና ከጥቂት ፈሳሽ ጋር ተከድኖ ዝግ ባለ እሳት ለሰዓታት የሚበስል ምግብ ነው። ስሙ ከፓስታ፣ ከሳልሳና ከአቼቶ ጋር ከጣሊያን የመጣ ነው። ፈረንሳዩም፣ ጀርመኑም፣ አሜሪካዊውም በየራሱ ስም የሚጠራው ተመሳሳይ ድስት አለው። ወጥ ለምትሠራ ሴት ደግሞ ነገሩ እምብዛም እንግዳ አይደለም። ሽንኩርት በትዕግሥት ማቁላላት፣ ውኃ ጠብ እያደረጉ ማብሰል፣ ክዳኑን አለመነካካት ሁሉ የቤታችን ሙያ ነው። የሚለወጠው ሁለት ነገር ብቻ ነው፤ ሥጋው አይከተፍም፣ ደግሞም ከሽንኩርቱ በፊት እሱ ይጠበሳል።

ወርች የበሬው የፊት እግርና ትከሻ ነው። ቀኑን ሙሉ የሚሠራ ጡንቻ ስለሆነ ጅማት ይበዛበታል፤ ብዙዎቹ በሬዎቻችን ደግሞ ቄራ ከመድረሳቸው በፊት ሞፈርና ቀንበር ያውቃሉ። ጅማቱን የሚያጠነክረው ኮላጅን የሚባል ፕሮቲን ነው። ይህ ፕሮቲን እርጥበት ባለበት ሙቀት ብዙ ሰዓት ሲቆይ ቀስ በቀስ ይቀልጥና ጄላቲን ይሆናል። የአሮስቶ መረቅ ከንፈር ላይ ጣበቅ የሚለው ከዚህ የተነሣ ነው። ፍሪምባና የቅልጥም ሥጋም እንደዚሁ ናቸው። ጭቅና ግን የሚቀልጥ ጅማት ስለሌለው በዚያ ሁሉ ሰዓት ውስጥ ደርቆ ይቀራል። ጭቅና ለአሮስቶ የሚገዛ ሰው ገንዘቡንም ሥጋውንም ያባክናል።

ብዙ ሰው ተስፋ የሚቆርጠው አንድ ሰዓት አካባቢ ነው። ክዳኑን ከፍቶ ሹካ ሲወጋ ሥጋው ገና ከገባበት ጊዜ ይልቅ ጠንክሮ ያገኘዋል። ይህ ጥፋት አይደለም። የሥጋው ሙቀት 60 ዲግሪ አልፎ ሲሄድ ጡንቻው ይኮማተርና ውኃውን ይተፋል፤ ጅማቱ ግን መቅለጥ የሚጀምረው ከዚያ በላይ ነው፣ ያውም በዝግታ። በመሃሉ ያለው ጊዜ የጥንካሬ ጊዜ ነው። እዚህ ላይ «ይኼ በሬ አርጅቷል» ብሎ ድስቱን ማውረድ ልፋትን ሜዳ ላይ መጣል ነው። እሳቱን ማጋልም አይረዳም፤ መረቁ እየተንፈቀፈቀ ቢፈላ የሚተርፈው ትርፍ የሥጋው ዳር ዳር ተበጣጥሶ መሃሉ መድረቁ ነው። ጠብ ጠብ የምትል አረፋ ከታየች በቂ ነው።

የውጭ መጽሐፍ «ሦስት ሰዓት» ካለ በእኛ አገር አራት ብላችሁ ያዙት። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ 2,300 ሜትር ያልፋል፤ ወደ ምዕራቡ ዳርቻ ሲወጣ ደግሞ መሬቱ ከዚያም ከፍ ይላል። በዚህ ከፍታ ውኃ የሚፈላው 92 ዲግሪ ገደማ ላይ ነው። ምስርና ባቄላ ከቆላ ይልቅ ደጋ ላይ የሚያስቸግሩትም በዚሁ ምክንያት ነው። ፕሬዠር ድስት ያላት ቤት ይህን ችግር አታውቀውም፤ እንፋሎቱ ታፍኖ ሙቀቱ ከ100 በላይ ስለሚወጣ ከአንድ ሰዓት ትንሽ ባለፈ ጊዜ ይደርሳል። ጣዕሙ ግን፣ በእኔ ምላስ፣ የዝግታውን ያህል አይደለም።

ሌላው ጉዳይ ትኩስነት ነው። ከእርድ በኋላ ጡንቻው ለጥቂት ሰዓታት ልስልስ ብሎ ይቆይና ከዚያ ይገተራል፤ እንደገና መላላት የሚጀምረው ቢያንስ ከአንድ ቀን በኋላ ነው። ጥሬ ሥጋ ወዳዱ ከመገተሩ በፊት ይደርስበታል። ለድስት ግን የዛሬ እርድ ለዛሬ አይሆንም። ሐሙስ የተገዛ ወርች ጨው ተቀብቶ፣ ዓርብን ፍሪጅ ውስጥ ጾሞ ለእሑድ ምሳ ቢደርስ ጾሙም ሥጋውም ይጠበቃሉ። ለአንድ ኪሎ ተኩል አንድ የሾርባ ማንኪያ ጨው ይበቃል።

ሲሠራ እንዲህ ነው። ሥጋው ከፍሪጅ ወጥቶ በንጹሕ ጨርቅ ይደረቃል፤ እርጥብ ሥጋ ይቀቀላል እንጂ አይጠበስም። ወፍራም ድስት ውስጥ ዘይት በደንብ ይግላል፤ ሥጋው ይገባና አይነካም። ሲላቀቅ እየገለበጡ ጎን ጎኑን ሁሉ ጥቁር ቡና እስኪመስል መጥበስ ነው። መልካሙ ሽታ የሚወለደው እዚህ ላይ ስለሆነ አትቸኩሉ። ሥጋው ይወጣና አራት ራስ ቀይ ሽንኩርት በዚያው ድስት ይቁላላል፤ ድስቱ ግርጌ የያዘው ሁሉ በሽንኩርቱ ውኃ ይላቀቃል። ነጭ ሽንኩርት፣ ሁለት ቲማቲም፣ ቁንዶ በርበሬና አንድ ዘለላ የጥብስ ቅጠል ይከተላሉ። ከዚያ አንድ ብርጭቆ ጉደር ወይን የሚያፈሱ አሉ። ወይን በማይገባበት ቤት፣ በኮልፌ ደግሞ እንዲህ ያለው ቤት ብዙ ነው፣ ሁለት ማንኪያ አቼቶ በውኃ በጥብጦ መጨመር ያንኑ ኮምጠጥ ያለ ጣዕም ይሰጣል። ሥጋው ሲመለስ ፈሳሹ እስከ ግማሹ ይድረስ፤ ከዋጠው ቅቅል ሆነ ማለት ነው።

ድንችና ካሮት መግባት ያለባቸው ሊወርድ አንድ ሰዓት ሲቀረው ነው። ቀድመው ከገቡ ይፈርሳሉ፤ ከዘገዩ ደግሞ የቲማቲሙ ኮምጣጣነት ድንቹን ሳይበስል ያቆየዋል።

መብራት ከጠፋ ላቀች የምትባለው የከሰል ምድጃ ለዚህ ሥራ የተፈጠረች ትመስላለች፤ በአመድ የተዳፈነ ፍም ለሰዓታት አንድ ዓይነት ሙቀት ይሰጣል። ነገር ግን ሚኪሊላንድን በመሰለ ኮንዶሚኒየም የምትኖሩ፣ ከሰል በተዘጋ ክፍል ውስጥ ነፍስ ያጠፋል። አራት ሰዓት ሙሉ የሚነድ ከሰል ቦታው በረንዳ ነው።

በበዓል ቅርጫ የገባ ሰው ደግሞ ወርች ፍለጋ ሉካንዳ አይሄድም። በሬው ታርዶ በየመደቡ ሲከፋፈል ለእያንዳንዱ ከየብልቱ ይደርሰዋል። ጥሬውና ጥብሱ በመጀመሪያው ቀን ያልቃሉ፤ ወርቹና ፍሪምባው ዘወትር የወጥ ዕጣ ናቸው። ከቅርጫው አንድ ሙዳ ሳይከተፍ እንዲቆይ አስቀድማችሁ ለቤቱ ሰው ንገሩ፤ ቢላ አንዴ ከገባበት መመለሻ የለውም።

ሹካ ያለ ትግል ሲገባ ድስቱ ይውረድ። ሥጋው ሩብ ሰዓት ይረፍ፤ መረቁ ቀጥኖ ከሆነ ያለ ክዳን ይምጠጥ። ሲቆረጥ ቢላው በሥጋው ክር ላይ አቋርጦ ይሂድ። በዳቦም በእንጀራም ይበላል፤ አንድ ኪሎ ተኩል ለስድስት ሰው ይበቃል። የተረፈው ፍሪጅ አድሮ በማግሥቱ፣ በስሱ ተቆርጦ መረቁ ውስጥ ሲሞቅ፣ ከመጀመሪያው ቀን ይበልጣል።