ላም ወተቷን የምትከለክለው ለምንድን ነው?

ጡቷ ሞልቶ ሳለ ላም ወተቷን ብትከለክል ምክንያቱ ብዙውን ጊዜ አያያዝ ነው። ወተቱን የሚያወርደው ኦክሲቶሲን የተባለው ሆርሞን ነው። ይኸውም 9 አሚኖ አሲዶች የተያያዙበት አጭር ሰንሰለት፣ ማለትም ፔፕታይድ ነው። ጥጃው ሲጠባ ወይም ጡቷ ለብ ባለ ውሃ ሲታጠብ ሆርሞኑ ከአንጎል ሥር ካለው ዕጢ ወደ ደም ገብቶ በ1 ደቂቃ ገደማ ሥራውን ይጀምራል። ኃይሉ ግን የሚቆየው ጥቂት ደቂቃ ብቻ ነው። ላሟ ከደነገጠች አድሬናሊን የተባለው ሆርሞን ሥራውን ያግዳል፤ ወተቱም ጡት ውስጥ ይቀራል።

ስለዚህ የልማት ሠራተኞችና የኅብረት ሥራ ማኅበራት የሚከተሉትን ለአላቢዎች ማስረዳት ይገባቸዋል፦

1. የአገራችን ላም ጥጃዋ ይቅረብላት።
2. ጡቷ እንደታጠበ ወዲያው ትታለብ፤ ሳይቋረጥም ከ5 እስከ 7 ደቂቃ ውስጥ ይጠናቀቅ።
3. ዱላና ጩኸት ከማለቢያው ቦታ ይራቅ።