የሐረር ቡና፦ ከአበባ እስከ ጀንፈል

በጀጎል ግንብ በታጠረችው ጥንታዊ ከተማ ስም ለዓለም ገበያ የሚቀርበው የሐረር ቡና፣ አብዛኛው በከተማዋ ቅጥር አካባቢ ሳይሆን በምሥራቅና በምዕራብ ሐረርጌ ተዳፋቶች ላይ በአነስተኛ ገበሬዎች ማሳ የሚበቅል ቢሆንም፣ ስሙን ያገኘው ምርቱ ለረጅም ዘመን በሐረር ገበያ ተሰብስቦ በግመል ወደ ዘይላና ወደ በርበራ ወደቦች ይጫን ስለ ነበር ነው። እ.ኤ.አ. በጥር 1855 ከተማዋን የጎበኘው እንግሊዛዊው ሪቻርድ በርተን ይህ ቡና በአውሮፓ ገበያ የታወቀ መሆኑን ጽፏል፤ ፈረንሳዊው ባለቅኔ አርተር ራምቦም እ.ኤ.አ. በ1880 ወደ ሐረር የመጣው መቀመጫውን ኤደን ባደረገ የቡና ነጋዴ ድርጅት ተቀጥሮ ነበር።

ተክሉ አረቢካ የሚባለው የቡና ዝርያ ሲሆን፣ በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ እንደሚታየው በጥቅጥቅ ደን ጥላ ሥር ሳይሆን በሰው እጅ ተተክሎ፣ ከማሽላ፣ ከበቆሎ፣ ከቦሎቄና ከጫት ጋር ተሰባጥሮ በጓሮና በእርከን ላይ ይለማል። ዝናቡ አጭርና የማያስተማምን በመሆኑ ገበሬው ከተዳፋቱ የሚወርደውን ጎርፍ እርከን ሠርቶ ያግዳል፣ በየቡናው እግር ዙሪያም ውሃ የሚያቁር ጎድጓዳ ያበጃል፤ ምንጭ ባለበት ቦታ ደግሞ ቡናውን በመስኖ ያጠጣል። ችግኙ ከተተከለ ከሦስት እስከ አራት ዓመት ቆይቶ ማፍራት ይጀምራል።

ከበጋው ድርቀት በኋላ የበልግ ዝናብ ሲጥል ነጩ አበባ በአንድ ጊዜ ይፈነዳል፣ በጥቂት ቀናትም ይረግፋል፤ ፍሬው ግን ከአረንጓዴ ወደ ቢጫ፣ ከቢጫም ወደ ቀይ ተለውጦ እስኪበስል ከሰባት እስከ ዘጠኝ ወር ይፈጅበታል። እሸት ቡና የሚባለው ይህ ቀይ ፍሬ ከላይ ቆዳ፣ ከሥሩ ጣፋጭና ሙጫማ ሥጋ፣ ከዚያ ውስጥም በስስ ሽፋን የተጠቀለሉ ሁለት ዘሮች አሉት። ለቀማው በአብዛኛው ከጥቅምት እስከ ጥር የሚካሄድ ሲሆን፣ በአንድ ቅርንጫፍ ላይ ያሉ ፍሬዎች እኩል ስለማይበስሉ ጥራት የሚፈልግ ለቃሚ ወደ አንድ ዛፍ ደጋግሞ ተመልሶ የቀላውን ብቻ ይለቅማል፤ አንዳንዱ ፍሬም በዛፉ ላይ እንዳለ መድረቅ ይጀምራል።

የሐረርን ቡና ከይርጋ ጨፌ የታጠበ ቡና የሚለየው ዋናው ጉዳይ ከለቀማ በኋላ ይመጣል። ቡናን ማጠብ ማለት ሥጋውን በመፈልፈያ መግፈፍና ሙጫውን አብላልቶ በብዙ ውሃ ማስወገድ ስለሆነ ውሃ ለሚያጥረው ሐረርጌ አይመችም፤ በመሆኑም እሸቱ ከነሥጋው በአልጋ ወይም በተነጠፈ ምንጣፍ ላይ ተሰጥቶ፣ እንዳይሻግትና እኩል እንዲደርቅ ሳይታክቱ እየተገላበጠ በፀሐይ ይደርቃል፤ ከቀይ ባሕር ማዶ በየመንም የቆየው ዘዴ ይኸው ነው። እሸት ሲሆን ከግማሽ በላይ ውሃ የነበረው ፍሬ የዘሩ እርጥበት ወደ 12 በመቶ ገደማ ሲወርድ ጀንፈል፣ ማለትም ከነገለባው የደረቀ ቡና ይሆናል። ዘሩ ለሳምንታት በጣፋጩ ሥጋ ውስጥ ተይዞ መቆየቱ የሐረር ቡና የሚታወቅበትን የወይን ጠጅና የበሰለ ፍሬ ቃና ያጎለብትለታል። ጀንፈሉ ጥንት በሙቀጫ፣ ዛሬ በአብዛኛው በማሽን ይፈለፈላል፤ ነጋዴዎችም ረጅሙን ፍሬ ሎንግቤሪ፣ አጭሩን ሾርትቤሪ፣ በፍሬው ውስጥ ብቻውን አድጎ ክብ ቅርጽ የያዘውን ነጠላ ዘር ደግሞ ሞካ ብለው ይለያሉ።

ለውጭ ገበያ የሚሄደው ዘሩ ብቻ ይሁን እንጂ በሐረርና በአካባቢዋ ከተክሉ የሚጣል ነገር ጥቂት ነው። የደረቀው ቅጠል ታምሶና ተፈልቶ ቁጢ ይሆናል፤ ገለባው ከወተት ጋር ሲፈላ ሆጃ ይባላል፤ በኦሮሞ ገበሬዎች ዘንድ ደግሞ ሙሉው ፍሬ በቅቤ ተጠብሶ በምርቃትና በጸሎት ሥርዓት ላይ ቡና ቀላ ተብሎ ይቀርባል።

ይህ ሁሉ ዕውቀት ግን ዛሬ ከጫት ጋር ይፎካከራል። ቡና በዓመት አንድ ጊዜ ሲለቀም ጫት በዓመት ደጋግሞ ስለሚቆረጥ፣ በሐረር አቅራቢያ ባለው በአወዳይ ገበያም ወዲያው ገንዘብ ስለሚሆን፣ ብዙ ገበሬ ቡናውን ነቅሎ ወደ ጫት ዞሯል፤ በኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. በ1971 የታየው እሸት ቡናን የሚያጠቁርና የሚያረግፍ በሽታም ለዚህ ምርጫ አንዱ ገፊ ምክንያት ሆኗል። በመቻራ የግብርና ምርምር ማዕከል ከአካባቢው ቡና ተመርጠው የወጡት እንደ ቡልቱምና ሐሩሳ ያሉ ዝርያዎች የዚህን ሥጋት አንድ ገጽ፣ ማለትም የበሽታውን፣ ይመልሳሉ። ሌላው ገጽ የዋጋ ጉዳይ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ2007 የኢትዮጵያ መንግሥትና የአሜሪካው ስታርባክስ ኩባንያ በተስማሙበት ጊዜ የሐረር፣ የሲዳሞና የይርጋ ጨፌ ስሞች የኢትዮጵያ መሆናቸው ዕውቅና አግኝቷል፤ ሆኖም ስሙ የሚያስገኘው ብልጫ ቀዩን ከአረንጓዴው ለይቶ ለሚለቅመውና በፀሐይ ለሚያገላብጠው ገበሬ ካልደረሰ፣ ገበሬው ዓመት ሙሉ ቡና የሚጠብቅበት ምክንያት አይኖረውም።