ሥዕሉን የቀደመ ዜማ

በሶቪየት ኅብረት ዘመን ለፊልም ዜማ መድረስ መንግሥት ክፍያ የሚቈርጥለት የታወቀ ሙያ ነበረ። ሾስታኮቪች በወጣትነቱ በሌኒንግራድ ድምፅ አልባ ፊልም በሚታይበት አዳራሽ ፒያኖ እየመታ ሙያውን ቢጀምር፣ ፕሮኮፊየቭ በ1938 (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓ አቈጣጠር ናቸው) ለፊልም ሠሪው ለአይዘንስታይን «አሌክሳንደር ኔቭስኪ» ቢደርስ፣ ሽኒትከም ከስድሳ በላይ ፊልሞችን በዜማው ቢያጅብ፣ ሥርዓቱ አንድ ነበረ፤ ፊልሙ ይጠይቃል፣ ደራሲው ይመልሳል። አይዘንስታይን አንዳንድ ጊዜ ሥዕሉን በዜማው ልክ መቍረጡ ግን ሳይጠቀስ አይታለፍም።

በእኛ አገር ነገሩ ተገልብጦ ይገኛል። ለዚህ ምስክራችን፣ በጅማ በ1943 የተወለዱት ሙላቱ አስታጥቄ ናቸው። ምህንድስና ይማሩ ዘንድ ወደ ዌልስ ተልከው ሳለ ልቡናቸው ወደ ዜማ ስላዘነበለ፣ በለንደን ትሪኒቲ ኮሌጅ፣ ኋላም በቦስተን በርክሊ ተምረው፣ ትዝታን፣ ባቲን፣ አምባሰልንና አንቺ ሆዬን ከጃዝና ከላቲን ስልት ጋር አዋሕደው ኢትዮ ጃዝን መሠረቱ። ይሁን እንጂ ያን ጊዜ በአዲስ አበባ እንደ አምኃ እሸቴ ያለ ደፋር ሸክላ አሳታሚ ሲገኝ፣ ለዜማ ደራሲ ሥራ የሚሰጥ የፊልም ስቱዲዮ አልነበረም፤ «ሂሩት አባቷ ማን ነው»ን የመሰሉ ፊልሞች በየጊዜው ብቅ ቢሉ፣ ደርግም ቈይቶ የፊልም ኮርፖሬሽን ቢያቋቁም፣ አንድ ደራሲ ዕድሜውን የሚያኖርበት መስክ ከዚያ አልተገኘም።

ስለዚህ ዜማው ተጽፎ ፊልሙን ጠበቀ። ከ1969 እስከ 1974 የተቀዱትን የሙላቱን ሥራዎች ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ በ1998 «ኢትዮፒክስ» በተባለው ተከታታይ ኅትመት አራተኛ ቅጽ ሰብስቦ ካወጣቸው በኋላ፣ አሜሪካዊው ጂም ጃርሙሽ በ2005 በካን ታላቁን የዳኞች ሽልማት ባገኘው «ብሮክን ፍላወርስ» ፊልሙ ውስጥ «የከርሞ ሰው»ንና ሌሎቹን አስገባቸው። የፊልሙም ጥበብ እዚህ ላይ ነው፤ ዋናው ተዋናይ ቢል መሪ ብቻውን መኪና ሲነዳ የሚሰማውን ዜማ የሰጠው ኢትዮጵያዊ ጎረቤቱ ነውና፣ ሙዚቃው ከውጭ የተለጠፈ ሳይሆን የታሪኩ አካል ሆኗል። ዜማው ለዚያ ፊልም የተደረሰ የሚመስለው ተመልካች ብዙ ነው፤ በሠላሳ ዓመት ያህል መቅደሙን ሲሰማ መደነቁ አይቀርም።

በ2008 ግን ፊልም ሠሪው ኃይሌ ገሪማ ለ«ጤዛ» ፊልማቸው ጆርጋ መስፍንንና ቪጄይ አየርን የፊልሙን ዜማ እንዲደርሱ አድርገዋል። የዛሬ ፊልም ሠሪዎቻችንም እንዲሁ፣ ቀረጻው ካለቀ በኋላ ያገኙትን ዜማ ከሚያለብሱ፣ ገና ድርሰቱ ሲጻፍ የዜማውን ሰው ይጥሩ።